ተስማምቶ መፋታት፦ ስምምነቱን ከመጻፍ እስከ ወረዳ ምዝገባ

ሁለታችሁም "በቃን" ካላችሁ ፍርድ ቤቱ ብዙ አያስቸግራችሁም። የሚያስቸግረው ወረቀቱ ነው። በሁለት በሦስት ቀጠሮ በሰላም የተፋቱ ሰዎች፣ ዓመት ሳይሞላ ስለ ልጅ ቀለብና ስለ ቤት ተመልሰው ሲካሰሱ ይታያል። ስምምነታቸውን ገልጣችሁ ብታዩት "ንብረታችንን ተካፍለናል፣ ስለ ልጆቻችንም ተስማምተናል" የሚል ሁለት መስመር ታገኛላችሁ። ማን ምን ወሰደ? መቼ ይከፈላል? ምንም የለም። ስለዚህ እዚህ ሰፊውን ቦታ የምሰጠው ለስምምነቱ ነው። የፍርድ ቤቱን ሂደት በቅደም ተከተል አስቀምጣለሁ፤ እሱ ያን ያህል አይከብድም።

የምከተለው በ1992 ዓ.ም. የወጣውን የተሻሻለውን የቤተሰብ ሕግ፣ አዋጅ ቁጥር 213/1992ን ነው። ይህ ሕግ የሚሠራው አዲስ አበባና ድሬዳዋ ላይ ነው። አማራ፣ ኦሮሚያ፣ ትግራይና ሌሎችም ክልሎች የራሳቸውን የቤተሰብ ሕግ አውጥተዋል። አካሄዱ ይመሳሰላል። ሆኖም ክልል ውስጥ የምትኖሩ ከሆነ የቀን ገደቦችን ከክልላችሁ ሕግ ጋር አመሳክሩ።

መጀመሪያ፣ ይህ መንገድ የእናንተ ነው?

ሕጉ ሁለት የፍቺ በር ከፍቷል። አንደኛው ባልና ሚስት ተስማምተው ስምምነታቸውን ፍርድ ቤት ሲያጸድቅላቸው ነው። ሁለተኛው ደግሞ አንዳቸው ወይም ሁለቱም የፍቺ ጥያቄ ሲያቀርቡ ነው። የመጀመሪያው ፈጣንና ርካሽ ነው፤ ግን ሁለት ነገር ይፈልጋል።

አንደኛ፣ ጋብቻው ከተፈጸመ ቢያንስ 6 ወር ሊሞላው ይገባል። ትናንት ተጋብተው ዛሬ ተስማምተናል ብለው መምጣት አይችሉም።

ሁለተኛው ነፃ ፈቃድ ነው። አንዱ በማስፈራሪያ፣ በዱላ፣ ወይም "ካልፈረምሽ ልጆቹን አታያቸውም" ተብሎ የፈረመበት ወረቀት ስምምነት አይባልም። ቤት ውስጥ ድብደባ ካለ፣ ወይም ገንዘቡ ሁሉ በአንዱ እጅ ሆኖ ሌላው ሳያውቅ እየተሸሸገ ከሆነ፣ የስምምነቱን መንገድ ተዉት። ለብቻችሁ አቤቱታ አቅርቡ። በዚያ መንገድ መዝገቡ ገና በሂደት ላይ እያለ ፍርድ ቤቱ ስለ ልጆች አያያዝ፣ ስለ ቀለብ፣ ስለ መኖሪያና ስለ ንብረት አጠባበቅ ጊዜያዊ ትእዛዝ ሊሰጥላችሁ ይችላል። "ነገር እንዳይከር" ብሎ መብትን ጥሎ መፈረም ሰላም አያመጣም። ይህን ስህተት በተለይ ሴቶች እህቶቻችን ሲሠሩት ማየት ያመኛል።

የፍቺውን ምክንያት ግን ለማንም የመናገር ግዴታ የለባችሁም። ሕጉ ይህን በግልጽ ለእናንተ ትቶታል። "ምን አጣላችሁ?" ተብላችሁ የጓዳችሁን ገመና ችሎት ላይ መዘርዘር አይጠበቅባችሁም። ለብቻ ቤት ተከራይታችሁ፣ ይህን ያህል ጊዜ ተለያይታችሁ ኑሩ የሚል ቅድመ ሁኔታም የለም። የህንዱ የሂንዱ ጋብቻ ሕግ ለምሳሌ ተስማምተው የሚፋቱትን ቢያንስ አንድ ዓመት ተለያይታችሁ መኖራችሁን አሳዩ ይላል። ከመጀመሪያው ጥያቄ እስከ ሁለተኛውም በመደበኛው 6 ወር ያስጠብቃል። የኛው በዚህ በኩል ቀለል ያለ ነው።

ሌላም ብዙ ሰው የሚሳሳትበት ነገር አለ። በሽማግሌ ፊት ተፈራርሞ መለያየት ፍቺ አይደለም። ድሮ፣ በ1952 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ዘመን፣ ፍቺን ይወስኑ የነበሩት የቤተ ዘመድ ሽማግሌዎች ነበሩ። የ1992ቱ ሕግ ይህን ሥልጣን ለፍርድ ቤት ብቻ ሰጥቷል። ዛሬ ሽማግሌ ያስታርቃል፣ ያግባባል፣ ንብረት ሲካፈሉ ያደራድራል። ማፋታት ግን አይችልም። ጋብቻው በማዘጋጃ ቤት፣ በቤተ ክርስቲያን ወይም በባህል ቢፈጸም ለውጥ የለውም፤ መፍረሻው ፍርድ ቤት ነው። ሙስሊም ባልና ሚስት ሁለቱም በግልጽ ከፈቀዱ ጉዳያቸውን ሸሪዓ ፍርድ ቤት ማየት ይችላል።

አሁን ወደ ዋናው ሥራ፦ ስምምነቱን መጻፍ

ስምምነቱ ሁለት ነገር ይይዛል። ለመፋታት መስማማታችሁን፣ ከዚያም የፍቺውን ውጤት፣ ማለትም የልጆችንና የንብረትን ጉዳይ። ስትጽፉት የማያውቃችሁ ሰው፣ ለምሳሌ የአፈጻጸም ዳኛ፣ ከሦስት ዓመት በኋላ አንብቦት ሊያስፈጽመው እንዲችል አድርጋችሁ ጻፉት። መጠን፣ ቀን፣ ስም፣ ቁጥር። "እንደ አቅሙ"፣ "ሲመቸው"፣ "እንደ አስፈላጊነቱ" የሚሉ ቃላትን አውጡ።

ከልጆች ጀምሩ። ከንብረት ከጀመራችሁ ልጆቹ የመደራደሪያ ዕቃ ይሆናሉ። "ቤቱን ተይልኝ፣ ልጁን ውሰጂ" ወደሚባል ነገር ይገባል። ስለዚህ መጀመሪያ ልጆቹ ከማን ጋር እንደሚኖሩ ወስኑ። ፍርድ ቤት ይህን ሲመረምር የሚያየው የወላጆችን ገቢ፣ ዕድሜ፣ ጤናና የሚኖሩበትን ሁኔታ፣ እንዲሁም የልጆቹን ዕድሜና ጥቅም ነው። እናንተም በዚያው ሚዛን አስቡት። ቀጥሎ የመጠየቂያ ጊዜ። "አባት በፈለገ ጊዜ ይጠይቃል" ማለት ሲስማሙ ጥሩ፣ ሲጣሉ ባዶ ነው። ቅዳሜ ከስንት ሰዓት እስከ እሑድ ስንት ሰዓት? ገና፣ ፋሲካ፣ ዒድ፣ እንቁጣጣሽ በየተራ ከማን ጋር ያልፋል? ክረምት ትምህርት ሲዘጋስ? ልጁን ወደ ውጭ አገር መውሰድ ቢያስፈልግ የማን ፊርማ ያስፈልጋል? ይህም ይጻፍ።

ቀለብን በተመለከተ አንድ ጥሩ አንቀጽ ይህን ይመስላል፦

"አባት ለሁለቱ ልጆች ቀለብ በየወሩ 12,000 ብር፣ ወሩ በገባ እስከ 5ኛው ቀን፣ በእናት ስም በተከፈተው የባንክ ሒሳብ ገቢ ያደርጋል። መጠኑ በየዓመቱ መስከረም ወር በ10 በመቶ ይጨምራል። የትምህርት ቤት ክፍያ፣ የደንብ ልብስና የሰርቪስ ወጪ ከዚህ ውጭ ሆኖ ወላጆች እኩል ይከፍላሉ። ልጆቹ ሲታመሙ የሕክምና ወጪውን በደረሰኝ መሠረት እኩል ይሸፍናሉ።"

ቁጥሮቹን ለምሳሌ ነው የጻፍኩት፤ እናንተ በገቢያችሁ ልክ ሙሉት። ዓመታዊ ጭማሪዋን ግን አትዝለሏት። የዛሬ አምስት ዓመት በቂ የነበረ ቀለብ ዛሬ ዘይትና ጤፍ እንኳ አይገዛም። ጭማሪው ካልተጻፈ፣ እናት በየጊዜው "ቀለብ ይሻሻልልኝ" ብላ አዲስ መዝገብ ልትከፍት ነው። ክፍያውም በባንክ ይሁን። በእጅ ተሰጠ፣ አልተሰጠም የሚለው ክርክር መጨረሻ የለውም። እናት ተናዳ "ምንም ቀለብ አልፈልግም" ብላ ብትፈርም እንኳ አይጠቅማትም። ቀለቡ የልጁ እንጂ የእሷ አይደለም። ጠንቃቃ ዳኛ እንዲህ ያለውን አንቀጽ አያልፈውም።

ቀጥሎ ንብረት። መጀመሪያ የጋራውን ከግሉ ለዩ። ከጋብቻ በፊት የነበራችሁ፣ በጋብቻ ውስጥም ሆናችሁ በውርስ ወይም በስጦታ ለአንዳችሁ የደረሰ ንብረት የግል ነው። በጋብቻው ዘመን የተፈራው የጋራ ነው፤ በአንዳችሁ ስም ቢመዘገብም። የግሌ ነው የሚል ሰው ማስረዳት ያለበት ራሱ ነው። ሰው የማያውቃት ነገር ደግሞ አለች፦ የግል ንብረት የሚያስገኘው ገቢ በጋብቻ ዘመን የጋራ ነው። ባል ሳያገባ የሠራው ቤት የእሱ ነው። ትዳር ላይ እያሉ የተሰበሰበው የቤቱ ኪራይ ግን የሁለታቸው ነው።

የጋራው በመርሕ ደረጃ እኩል ይካፈላል። ስትስማሙ አንዱ የበለጠ ቢወስድ ሕግ አይከለክልም፤ ዳኛው ግን አንዱ መጎዳቱን ካየ ይጠይቃል። ቤት ካላችሁ ምርጫው ሦስት ነው። አንዱ ወስዶ የሌላውን ድርሻ በገንዘብ መክፈል፣ ሸጦ መካፈል፣ ወይም ለጊዜው በጋራ ማቆየት። ሦስተኛውን አልመክርም። ተፋቶ የጋራ ቤት መያዝ ማለት እድሳቱን፣ ግብሩንና ተከራዩን ለዓመታት አብሮ መነታረክ ነው። አንዱ ይውሰድ ከተባለ፣ ገንዘቡ ስንት እንደሆነ፣ በስንት ጊዜ ተከፍሎ እንደሚያልቅ፣ ክፍያው ሲያልቅ የስም ዝውውሩ በስንት ቀን እንደሚፈጸም፣ ካልተከፈለም ምን እንደሚሆን ጻፉ። የካርታውን ቁጥርና ወረዳውን አትርሱ። "ቦሌ ያለው ቤት" የሚል መግለጫ ይዞ ስም የሚያዛውር ባለሙያ የለም።

ኮንዶሚኒየም ከሆነና የባንክ ብድር ከቀረው እዚህ ላይ ቆም በሉ። እናንተ "ቀሪውን ዕዳ ሚስት ትክፈል" ብላችሁ ብትስማሙ ባንኩን አያስገድደውም። የብድር ውሉ ላይ ሁለታችሁ ከፈረማችሁ ባንኩ ሁለታችሁንም ይጠይቃል። ስለዚህ ስምምነቱን ከማስገባታችሁ በፊት ባንኩ ዘንድ ሂዱ። ቀሪው ዕዳ ስንት እንደሆነ በጽሑፍ ጠይቁ። ውሉ በአንዳችሁ ስም ይቀጥል እንደሆነም አረጋግጡ። የሽያጭ ገደብ ካለበት ውሉን አንብቡ። የቀበሌ ቤት ደግሞ የእናንተ ንብረት ስላልሆነ አይካፈልም፤ የኪራይ ውሉ በማን ስም እንደሚቀጥል ነው የምትስማሙት።

ከቤትና ከመኪና በኋላ የሚረሱ ነገሮች አሉ፤ ክርክር የሚያስነሱትም እነሱ ናቸው። ያልወጣ ዕቁብ አለ? ወይም ወጥቶ ገና የሚከፈል? በመሥሪያ ቤት የብድርና ቁጠባ ማኅበር ያለ ቁጠባ? የባንክና የኩባንያ አክሲዮን? የሠርግ ጊዜ የተሰጠ ወርቅ? ለዘመድ ያበደራችሁት ገንዘብ? እድሩስ በማን ስም ይቀጥላል? እድር ትንሽ ይመስላል። ሐዘን ሲመጣ ግን ድንኳኑ ለማን እንደሚተከል አስቀድሞ ያልተነጋገረ ሰው ይቸገራል።

ዕዳም እንደ ንብረቱ ይዘርዘር። ለትዳሩ ጥቅም የተወሰደ ዕዳ፣ በአንዳችሁ ፊርማ ቢሆንም፣ ከሁለታችሁም ሊጠየቅ ይችላል። ባል ለልጆቹ ትምህርት የተበደረው የባል ብቻ ዕዳ አይባልም። አበዳሪውን፣ መጠኑንና ማን እንደሚከፍል ጻፉ። መጨረሻ ላይ "ከዚህ ስምምነት ውጭ የተደበቀ የጋራ ንብረት ከተገኘ እኩል ይካፈላል" የሚል አንቀጽ ጨምሩ። አንድ መስመር ናት፤ ጥቅሟ ግን ብዙ ነው።

ስምምነቱን አንድ ጠበቃ ቢጽፍላችሁ ወጪ ይቀንሳል። ከመፈረማችሁ በፊት ግን እያንዳንዳችሁ ለብቻችሁ ለሌላ የሕግ ባለሙያ አስነብቡት። የአንድ ሰዓት ምክር ነው። አቅም የሌላቸው ሴቶች የኢትዮጵያ ሴት የሕግ ባለሙያዎች ማኅበርን መጠየቅ ይችላሉ፤ ነፃ የሕግ ምክር ይሰጣል። የሕግ ትምህርት ቤት ያላቸው ዩኒቨርሲቲዎችም ነፃ የሕግ ድጋፍ ማዕከላት አሏቸው።

መዝገብ መክፈት

አዲስ አበባና ድሬዳዋ ላይ የፍቺ ጉዳይ የሚታየው በፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት የቤተሰብ ችሎት ነው። ወደሚቀርባችሁ ምድብ ሂዱ። ይዛችሁ የምትሄዱት ሁለታችሁም የፈረማችሁበትን "ስምምነታችን ይጽደቅልን" የሚል አቤቱታ፣ የፍቺ ስምምነቱን፣ የጋብቻ ምስክር ወረቀት፣ የሁለታችሁን መታወቂያ፣ የልጆችን የልደት ምስክር ወረቀትና የንብረት ማስረጃዎችን፣ ማለትም ካርታና ሊብሬን ነው። የሁሉንም ዋናና ቅጂ ያዙ። ቅጂ በመጉደሉ ብቻ ቀኑን ሙሉ ፎቶ ኮፒ ቤት ሲመላለስ የሚውል ሰው ብዙ ነው።

የጋብቻ ምስክር ወረቀት ከሌላችሁ፣ በተለይ በባህል ተጋብታችሁ ካልተመዘገበ፣ ጋብቻው መኖሩን በሌላ ማስረጃ ማሳየት ይጠበቅባችኋል። ይህን አስቀድማችሁ ጨርሱ። መዝገብ ቤት ስትደርሱ ሬጅስትራሩ ወረቀቱን አይቶ፣ የዳኝነት ክፍያ አስከፍሎ፣ የመዝገብ ቁጥርና ቀጠሮ ይሰጣችኋል። ቁጥሩን ስልካችሁ ላይ ያዙት፤ ከዚህ በኋላ በስማችሁ ሳይሆን በቁጥራችሁ ነው የምትፈለጉት። ክረምት ላይ፣ ከነሐሴ ጀምሮ፣ ፍርድ ቤቶች እረፍት ስለሚወጡ የምትቸኩሉ ከሆነ ቀደም በሉ።

ችሎት ስትቀርቡ

ዳኛው አንድ ግዴታ አለበት። ሁለታችሁን አብሮም ለየብቻም አነጋግሮ ሐሳባችሁን እንድትለውጡ መምከር። ይህ ለወጉ ያህል የሚደረግ አይደለም። አትናደዱበት። ለየብቻ የሚያነጋግራችሁ አንዱ ተገዶ እንዳይሆን ለማየት ጭምር ነው። "ስምምነቱን አንብበኸዋል? ይህን ቁጥር ማን አቀረበው? ቤቱን ለምን ተውሽው?" ዓይነት ጥያቄ ሊመጣ ይችላል። በራሳችሁ አንደበት መልሱ። ተገዳችሁ ከሆነ የምትናገሩበት ጊዜ ይህ ነው።

ምክሩ ካልሠራ፣ ዳኛው ከ3 ወር ያልበለጠ የማሰላሰያ ጊዜ ሊሰጣችሁ ይችላል። ለሁሉም አይሰጥም፤ እንደ ጉዳዩ ነው። ከተሰጣችሁ ይህን አስታውሱ፦ በማሰላሰያው ጊዜ አሁንም ባልና ሚስት ናችሁ። ደመወዛችሁ የጋራ ነው። ብድርም ብትወስዱ ለጋራ ዕዳ ሊተርፍ ይችላል። ቤትን ያለ ሌላኛው ፈቃድ መሸጥ አይቻልም። ከታረቃችሁ እሰየው፤ መዝገቡን አዘጉ። ካልታረቃችሁ ጊዜው እንዳለቀ ሳትዘገዩ ተመለሱ። አንዳችሁ ሐሳባችሁን ከለወጣችሁ የስምምነቱ መንገድ ያበቃል። የሚፈልገው ወገን ግን ለብቻው አቤቱታ ማቅረብ ይችላል።

ስምምነቱ በነፃ ፈቃድ መፈረሙን፣ ሕግንና ሞራልን አለመቃረኑን ካረጋገጠ ፍርድ ቤቱ ያጸድቀዋል። ሌላ አማራጭም አለው። ፍቺውን አጽድቆ፣ የልጆቹን ጥቅም በበቂ ያልጠበቀውን ወይም አንዳችሁን የሚጎዳውን ክፍል ራሱ ያስተካክለዋል። "12,000 የተባለው 3,000 ሆኖ ቢጻፍ ማን ያውቃል?" ብላችሁ በልጆች ላይ አታሳንሱ።

ከውሳኔው በኋላ

ማኅተም ያለበት የውሳኔ ግልባጭ ውሰዱ። አንድ አይበቃም። ለወረዳ፣ ለባንክ፣ ለመሬት ጽሕፈት ቤት፣ ለመንገድ ትራንስፖርት እየተባለ ይፈለጋል። በ2004 ዓ.ም. በወጣው የወሳኝ ኩነት ምዝገባ አዋጅ መሠረት ፍቺውን በ30 ቀን ውስጥ ወረዳ አስመዝግቡና የፍቺ ምስክር ወረቀት ያዙ። ይህን የዘለለ ሰው የሚቸገረው ዳግም ሊያገባ ወይም ቪዛ ሊጠይቅ ሲል ነው።

ብዙ ሰው የማያስታውሰው ውክልና ነው። በትዳር ዘመን "ሁሉን ነገር እንድትሠራልኝ" ተብሎ የተሰጠ ጠቅላላ ውክልና ካለ፣ ሰነዶች ማረጋገጫ ሄዳችሁ ሻሩት። ሽረቱን ለተወካዩና ለባንኩ በጽሑፍ አሳውቁ። ኑዛዜ ካለም እንደገና እዩት።

ሴቷ ዳግም ለማግባት በመርሕ 180 ቀን መጠበቅ አለባት። ምክንያቱ የልጅ አባትነት እንዳይምታታ ነው። በሐኪም እርጉዝ አለመሆኗ ከተረጋገጠ፣ ከወለደች፣ ወይም የቀድሞ ባሏን ራሱን መልሳ ካገባች ገደቡ አይመለከታትም።

አንዱ ወገን የጸደቀውን ስምምነት ካልፈጸመ አዲስ ክስ አያስፈልግም። ውሳኔውን ይዛችሁ እዚያው ፍርድ ቤት የአፈጻጸም መዝገብ ትከፍታላችሁ። ደመወዝ ላይ ተቆራጭ ማስደረግ ይቻላል። ያ ሁሉ ቀንና ቁጥር ስምምነቱ ላይ ይጻፍ ያልኩት ለዚህ ነው።

አንዳችሁ ውጭ አገር ከሆናችሁ

ዳኛው ሁለታችሁን ማነጋገር ስላለበት "ጠበቃ ይጨርስልኝ" ማለት ብቻውን ላያዋጣ ይችላል። ውክልና መላክ ካለባችሁ ስለ ፍቺና ስለ ንብረት ክፍፍል በግልጽ የሚጠቅስ ልዩ ውክልና ይሁን። በኢትዮጵያ ኤምባሲ ወይም ቆንስላ ተረጋግጦ፣ አገር ቤት ውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር ይረጋገጣል። ወንድም ወይም እህት መዝገብ ቤት ሄዶ ችሎቱ ይህን ይቀበል እንደሆነ ቀድሞ ይጠይቅላችሁ። ቲኬት ከመቁረጥም ሆነ ውክልና ከመላክ በፊት መሆን ያለበት ይሄ ነው።

ዋሽንግተን ወይም ቴል አቪቭ ላይ ተፋታችሁ፣ አዲስ አበባ ቤት ካላችሁ ደግሞ ሌላ ነው። የውጭ ፍርድ ቤት ውሳኔ ወረዳ ላይ ስለታየ ብቻ ቤት አያካፍልም። እዚህ እንዲፈጸም የፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ጥያቄ ይቀርብለታል፤ እሱም ሁለታችሁም የመሰማት ዕድል ማግኘታችሁን፣ ውሳኔው የመጨረሻ መሆኑንና በሌላው አገር የኛም ፍርድ እንደሚከበር ያጣራል። ረጅም መንገድ ነው። የሚቀለው፣ እዚያው ስትስማሙ ስለ አዲስ አበባው ቤት ለብቻው የተሟላ ስምምነት ጽፋችሁ በቆንስላ ማረጋገጥና አገር ቤት ለሚያስፈጽምላችሁ ጠበቃ አብሮ መላክ ነው።